የአደሴ ጋቢ

ሦስት ሽማግሌዎች ከአቶ ተስፋሚካኤል ግቢ ባዶ እጃቸውን ሲወጡ ያየ የአቃቂ ሰው ሁሉ ነገሩ ገባው። ልጅቷ አልተሰጠችም። አንደኛው ከዘራቸውን እየጎተቱ፣ ሁለቱ መሬት መሬቱን እያዩ ከበሩ እስከ አስፋልቱ እስኪደርሱ፣ ወሬው ቀድሟቸው ታክሲ ተሳፍሮ ሳሪስ ገብቶ ነበር። የእኛ ሰፈር ወሬ መቼም እግር አይጎድለውም።

«ልጁ ምን ጎድሎት ነው?» ይላል ሰው። እውነትም ምን ጎደለው? ዮሚፍ ሮሪሳ ሳሪስ አቦ አጠገብ ድምፅ ማጉያ የሚጠግንባት ጠባብ ሱቅ አለችው። የቤተ ክርስቲያኑ ማይክራፎን ባጉረመረመ ቁጥር ተጠርቶ የሚሄደው እሱ ነው። ትሑት ነው። የፊት ጥርሱ ፍንጭት ነው፤ ሲስቅ፣ አቤት፣ የተቆጣም ሰው ቁጣውን ይረሳል። አባቱ ሮሪሳ የከባድ መኪና ሹፌር ነው። ዘር ማንዘራቸው የቂሊንጦ ገበሬ ነበር፣ አሁን ቱሉ ዲምቱ ኮንዶሚኒየም ሦስተኛ ፎቅ ላይ ይኖራሉ። «በቃ፣ የገበሬ ልጅ ብለው ንቀው ነው» ብሎ ሰፈሩ ፍርዱን ሰጠ።

ሳምራ ሽማግሌዎቹ ሲወጡ በመስኮት አየቻቸው። አባቷ የመጨረሻ ልጁ በመሆኗ የጠየቀችውን ከልክሏት አያውቅም ነበር። ዛሬ ግን ወጥ ቤት ድረስ መጥቶ፣ ፊቷን ሳያይ፣ «አይሆንም ብያለሁ። ምክንያቱን አትጠይቁኝ» አለና ወጣ። እናቷ ወይዘሮ ጠጄ ማማሰያ እንደያዙ ቀሩ።

የሳምራና የዮሚፍ ነገር የጀመረው ባለፈው ዓመት ነው። ሳምራ የክፍለ ከተማው ባህል ክፍል ውስጥ ትሠራለች። የአዳራሹ ድምፅ ማጉያ ተበላሽቶ እሱ መድረክ ላይ ከሽቦ ጋር ይታገላል፣ እሷ የኋላ ወንበር ላይ ሆና «ይሰማል!» «ኧረ አይሰማም!» ትላለች። ጩኸቱ ሲበዛበት ድምፁን ተወውና በከንፈሩ ብቻ አወራት። «ስምሽ ማን ነው?» ገባት። ሃያ ወንበር ርቃ፣ አንድ ድምፅ ሳይወጣ፣ ገባት። ራሷም ደነገጠች።

እንዲህ ማውራትን የተማረው ከአያቱ ነው። እማማ አደሴ ወጣትነታቸውን ጨርቃ ጨርቅ ፋብሪካ፣ የሸማኔ ክፍል ውስጥ ነው የጨረሱት። መቶ ምናምን ማሽን ባንዴ ሲንኳኳ ጆሮ ምን ይሠራል? የዚያ ክፍል ሴቶች የሚያወሩት በከንፈር ነበር። ሐሜቱም፣ ሳቁም፣ ለቅሶውም ያለ ድምፅ። ማሽኑ ውሎ አድሮ ጆሯቸውን ጨርሶ ወሰደባቸው፣ የከንፈሩ ወሬ ግን ቀረላቸው። ዮሚፍ ገና በልጅነቱ «አኮ»፣ አያቴ ማለት ነው፣ ብሎ ሲጠራቸው ዞር ካላሉ ዞሮ ፊታቸው ላይ ይቆም ነበር። ድምፅ መጠገን የጀመረውም መስማት ላቃታቸው አያቱ ብሎ ነው። አልተሳካለትም፣ ግን ሙያ ሆኖለት ቀረ።

አሁን ስለ ዘፈኑ ልንገራችሁ፤ ያለ እሱ ይህ ታሪክ አይቆምም። «ጋቢህን ይዣለሁ» በ1969፣ የምሥራቁ ጦርነት ሲጀመር፣ ሚሊሽያ በካሚዮን ተጭኖ በቃሊቲ በኩል ወደ ሐረር ሲወርድ፣ የፋብሪካው ኪነት ቡድን የዘፈነው ነው።

«ጋቢህን ይዣለሁ፣ ፈትዬ አሠርቼ፣
ስትመጣ ለብሰኸው፣ አይሃለሁ ወጥቼ።
አንተ ድንበሩን ያዝ፣ ጋቢው እኔ ጋ ነው፣
አገር ደህና ሲሆን፣ ቤቴም ያኔ ቤት ነው።»

ይኸው ነው፣ አራት መስመር። መንግሥት ተቀያየረ፣ ዘፈኑ ግን አልወረደም። ጦርነት በመጣ ቁጥር ይወጣል፣ ሰላም ሲሆን ሠርግ ላይ ይዘፈናል፣ የትምህርት ቤት ልጆች ሳይገባቸው ይጮኹታል። አቃቂ ውስጥማ ከዘፈንነት አልፎ የሰው አፍ ሆኗል። ሰው መንገድ ሲሄድ «ጋቢህን ይዣለሁ» ይባላል፤ በደህና ተመለስ ማለት ነው። ሳምራና ዮሚፍም ማታ ማታ ሲለያዩ እሷ በታክሲው መስኮት፣ ያለ ድምፅ፣ በከንፈሯ ብቻ እንዲህ ትለዋለች። እሱ እጁን ደረቱ ላይ ያደርጋል። ታክሲው እስኪታጠፍ ድረስ አያነሳውም።

የዘፈኑ ደራሲ ደግሞ የሳምራ አያት፣ አቶ አጥናፉ ናቸው። የፈረቃ ኃላፊና የኪነት ቡድኑ መሪ ነበሩ፤ ካረፉ ሁለት ዓመት ሆናቸው። ሬዲዮው ስማቸውን ሳይጠራ ዘፈኑን አያጫውትም። የተስፋሚካኤል ቤት ክብር የቆመው በዚያ ስም ላይ ነው። ዘንድሮ ሳምራ ራሷ፣ በሐምሌ፣ የዘፈኑን ታሪክ የሚያሳይ ዐውደ ርእይ በአዳራሹ እንድታዘጋጅ ታዝዛለች።

*

ሳምራ ሦስት ቀን እህል አልቀመሰችም። በአራተኛው፣ እሑድ ከቅዳሴ መልስ፣ አባቷ በረንዳው ላይ ጠራትና ወንበር ሳበላት።

«ሳምሪ፣ የገበሬ ልጅ ነው ብዬ ንቄው አይደለም። ልጁን እወደዋለሁ። እንዲያውም ክፋቱ እሱ ነው።»

«ታዲያ ምንድን ነው አባዬ? ግደለኝና ልረፍ!»

ተስፋሚካኤል ጉሮሮውን ጠራረገ። «አባቴ በየዓመቱ፣ ሐምሌ ሲገባ፣ ሽሮ ሜዳ ሄዶ አንድ ጋቢ ይገዛ ነበር። ጋቢው ግን እኛ ቤት አያድርም። እናቴ አንድ ቀን ተከተለችው። የት ገባ? አደሴ ቤት።»

«የዮሚፍ አያት?»

«እሷው። የላብ አደሮች ቀን ሲከበር ደግሞ፣ አሥራ አንድ ዓመቴ ነው፣ ከእናቴ ጋር ፋብሪካው ግቢ ሄድን። ሕዝቡ ይዘፍናል፣ ይጨፍራል። አባቴ ከሜዳው ወዲህ፣ አደሴ ከሜዳው ወዲያ። ድምፅ የለ፣ ምን የለ፣ እሱ አፏን ያያል፣ እሷ አፉን ታያለች። እናቴ እጄን እንዴት እንደጨመቀችው አሁን ድረስ ያመኛል። ከዚያ ቀን ጀምሮ ያ ዘፈን ሲመጣ ሬዲዮውን ትዘጋለች። የባሏን ዘፈን! እናቴ ወርቅውሃ አንድ ቀን ሳትስቅበት ሞተች።»

ሳምራ ልትናገር አፏን ከፈተች። የሸማኔ ክፍል ሰው እንዲህ ነው የሚያወራው፣ እኔና ዮሚፍም እንደዚያው ነን ልትል ነበር። ግን ጋቢውስ?

«አደሴ ባል አላገባችም» አለ አባቷ፣ ድምፁን ዝቅ አድርጎ። «ሮሪሳ የተወለደው በ1970 ነው። አባቱ ደበላ የሚባል ዘማች ነው ይላሉ። የሞተ ሰው ስም ለልጅ መስጠት ማን ይከለክላል? ሳምራ፣ ሮሪሳ ወንድሜ ቢሆንስ? እኛ ለጋብቻ ሰባት ቤት የምንቆጥር ሰዎች ነን። አንቺና ዮሚፍ ሁለተኛው ቤት ላይ ልትገናኙ ነው።»

ጓሮ ዶሮ ትጮኻለች፣ ጎረቤት ልብስ ያሰጣል። ሳምራ በሐሳቧ መላ ፈለገች። የደም ምርመራማ አለ፣ ዘመኑ ሠልጥኗል። ግን ማን ነው ደፍሮ እማማ አደሴን፣ በስድሳ ዘጠኝ ዓመታቸው፣ «ልጅዎ የማን ነው?» የሚላቸው? ዮሚፍንስ ማን ነው «አያትህ የአያቴ ውሽማ ነበሩ ይባላል» የሚለው? ከንፈሯ አይችልም። በድምፅም፣ ያለ ድምፅም አይችልም።

ያን ዕለት በስልክ አንድ ቃል ላከችለት። «ይቅርብን።»

*

የዮሚፍ መልስ በስልክ አልመጣም። ረቡዕ ቢሮ ስትገባ ጠረጴዛዋ ላይ ከደብተር የተቀደደ ወረቀት በአራት ታጥፎ ጠበቃት። ጽሑፉ የሽቦ ሰው ጽሑፍ ነው፣ ቀጥ ቀጥ ያለ።

«ሳምራ፣ የገበሬ ልጅ መሆኔን ደብቄሽ አላውቅም። አባትሽ ቢንቁኝ አልቀየማቸውም፣ ልጅ ይወዳሉ። አንቺ ግን ምክንያቱን እንኳ ነፈግሽኝ። አንድ ነገር ልለምንሽ። ታክሲ ውስጥ ድንገት ከተያየን ከንፈርሽን አታንቀሳቅሺ። ለሌላ ሰው ብታወሪም ለእኔ ያልሽ ይመስለኛል። ያለፈውን አንድ ዓመት ሰጥተሽኛል፣ እሱን ማንም አይወስድብኝም። አመሰግንሻለሁ። ዮሚፍ።»

ተቆጥቶ ቢሰድባት በቀለላት። ማመስገኑ አንጀቷን ቆረጠው። ወረቀቱን ቦርሳዋ ውስጥ ከተተች፣ አወጣች፣ ደግማ አነበበች። ባልደረባዋ ሃሌሉያ ሁኔታዋን አይታ «አንቺ፣ ምን ሆነሻል? ፊትሽ እኮ አመድ ሆነ» ብትላት፣ «የዐውደ ርእዩ ሥራ ነው» አለች። የሰው ልጅ ሲጨንቀው ሥራውን ያማርራል።

ሥራውም እውነትም ነበር። የማሳያው መስታወት ውስጥ የሚገባው የአያቷ የአጥናፉ ደብተር ነው፣ የትኛው ገጽ ተገልጦ እንደሚቀመጥ መምረጥ አለባት። ደብተሩ ከሟች አያቷ ከወርቅውሃ ሳጥን ነው የወጣው። ወርቅውሃ በጫማ ክር ጠፍንገው አስረውት ነበር፣ አባቷም ክሩን ሳይፈታ ነው የሰጣት። በዚያ ቤት ውስጥ ያንን ክር ለመፍታት የደፈረ ሰው አልነበረም።

ሳምራ ክሩን ፈታችው። የፈረቃ ዝርዝር፣ የኪነት ልምምድ ሰዓት፣ የማሽን ቁጥር... ገለጠች፣ ገለጠች። ከዚያ ዘፈኑን አገኘችው። ሐምሌ 4 ቀን 1969። አራቱ መስመሮች፣ ሁለቱ ስንኞች፣ እንደሚታወቁት ናቸው። ከእነሱ በታች ግን ማንም ሰምቶት የማያውቅ ሦስተኛ ስንኝ አለ።

«ከሆዴ ውስጥ ሆኖ፣ አንድ ሰው ይቆጥራል፣
ሁለት ወር ሞላኝ ሲል፣ አባቱን ይጠራል።»

ከሥሩ፣ በአቶ አጥናፉ እጅ፣ በቀይ እስክሪብቶ፣ እንዲህ ይላል፦ «ከአደሴ ከንፈር የተቀዳ። የመጨረሻው እንዳይዘፈን ለመነችኝ። ስሟም እንዳይጠራ። ቃል ገብቻለሁ።»

ሳምራ ብድግ አለች። ወንበሩ ከኋላዋ ወደቀ። ሃሌሉያ «ወዴት ነው?» ስትል «ቱሉ ዲምቱ!» ብላ ደረጃውን ወረደች፣ ጃኬቷንም ረስታ።

*

እማማ አደሴ ሳሎን ውስጥ ትንሿ ዱካ ላይ ተቀምጠው ነጭ ሽንኩርት ይልጣሉ። ሳምራ ስትገባ ቀና ብለው ከንፈሯን አዩ። ጆሯቸው ስለማይሰማ ሲናገሩ ይጮኻሉ፤ ጎረቤቱ ለምዶታል።

«አንቺ ልጅ! ከስተሻል! ልጄን አስከፍተሽ አንቺም አላማረብሽ!»

ሳምራ ከፊታቸው ተንበረከከችና ደብተሩን ጉልበታቸው ላይ ዘረጋች። እማማ አደሴ ማንበብ የቻሉት በመሠረተ ትምህርት ነው። ጣታቸውን በየፊደሉ ሥር እያስኬዱ ወረዱ። ሦስተኛው ስንኝ ጋ ሲደርሱ ጣታቸው ቆመ። ሽንኩርቱን ትተው እጃቸውን በቀሚሳቸው ጠረጉ።

«አጥናፉ ጻፈው እንዴ?» አሉ፣ ለመጀመሪያ ጊዜ በለሆሳስ። «እኔ እኮ ጠፋ ብዬ ነበር።»

«እማማ፣ ይንገሩኝ። እባክዎ። እኔና ዮሚፍ እዚህ ገጽ ላይ ነው ያለነው።»

ነገሯት። ደበላ የቂሊንጦ ልጅ ነበር፣ ታጭተዋል፣ ሠርጉ ለጥር ተቆርጧል። በሚያዝያ ለሚሊሽያ ተመለመለ። ከመሄዱ በፊት ተገናኙ፣ ከዚህ በላይ ለልጅ አይነገርም ብለው ዘለሉት። በሰኔ መጨረሻ የደበላ ካሚዮን በቃሊቲ እንደሚያልፍ ሰሙ። ጥጡን ራሳቸው ፈትለው ያሠሩትን ጋቢ ይዘው አስፋልቱ ዳር ከንጋት ጀምሮ ቆሙ።

«አየሁት! ከኋላ ተቀምጧል፣ ጭንቅላቱ ተላጭቷል። ጋቢውን እያውለበለብኩ ሮጥኩ። ካሚዮኑ አልቆመም። ስንት ሰው፣ ስንት ጩኸት! ‹ጋቢህን ይዣለሁ! ጋቢህን ይዣለሁ!› እላለሁ። ሞተሩ ዋጠው። እንደለመድኩት በከንፈሬ አልኩት። ራሱን ነቀነቀ። ይግባው አይግባው እስከ ዛሬ አላውቅም።»

በማግስቱ ማሽናቸው ላይ ቆመው ከንፈራቸው ያንኑ ይላል። አጠገባቸው ያለችው ሴት አይታ ተቀበለች። ከእሷ ቀጣይዋ። ምሳ ሰዓት ሳይደርስ የክፍሉ ሴቶች በሙሉ፣ አንድ ድምፅ ሳይሰማ፣ አንድ ዘፈን ይዘፍናሉ። አጥናፉ ገብቶ ያን ሁሉ የሚንቀሳቀስ ከንፈር ሲያይ አድማ መስሎት ክው አለ። ተጠግቶ አነበበው። ከዚያ ትልቁ ሰውዬ ማሽን ተደግፎ አለቀሰ።

«ለኪነት ይሁን አለ። እሺ አልኩ። ስሜን ግን አታንሳ አልኩት። ሳላገባ አርግዣለሁ፣ ስሜ በሬዲዮ ቢጠራ አገሩ በሙሉ ወር ይቆጥር ነበር። ሦስተኛውንም ለዚህ አስቀረሁት። አጥናፉ በራሱ ስም ያዘልኝ። እንደ ወንድም ያዘልኝ። በየካቲት የደበላ መርዶ መጣ። ዘፈኑን ማን ያቆመዋል? ሬዲዮው ይጮኻል፣ እኔ አራስ ቤት ተኝቼ ለደበላ ጋቢውን ይዣለሁ ይላል።»

ሳምራ እንባዋ ደብተሩ ላይ እንዳይወድቅ ቀና አለች። «አያቴ በየዓመቱ ያመጡልዎት የነበረው ጋቢስ?»

እማማ አደሴ ፈገግ አሉ። «ለዘፈኑ ሰው ባመሰገነው ቁጥር እንቅልፍ ያጣ ነበር። በሐምሌ መጥቶ ከደጅ ይቆምና ‹አደሴ፣ የዘንድሮ ምስጋናሽን ይዤ መጥቻለሁ፣ እኔ አድራሽ ነኝ› ይለኝ ነበር። አይቀመጥም እንኳ። ጋቢውን እኔ ከጦር ሜዳ ለተመለሰ ወታደር እሰጠዋለሁ፣ አቦ ደጅ የሚቀመጡ አሉ፣ እግር የሌላቸው። የደበላን ግን ለማንም አልሰጠሁም።»

ተነሡ። ከሳጥን ውስጥ አንዲት ፎቶግራፍ አወጡ። አንድ የተላጨ ወጣት ሚሊሽያ ካሜራውን አይቶ ይስቃል። የፊት ጥርሱ ፍንጭት ነው። ሳምራ እጇን አፏ ላይ ጫነች። ዮሚፍ ነው! የለበሰው ልብስ ነው እንጂ የተለየው፣ ሳቁ ራሱ ነው፣ ያ ቁጣ የሚያስረሳው ሳቅ።

«አኮ፣ ማነው የመጣው? ጫማ...» የሚል ድምፅ ከበሩ መጣ። ዮሚፍ የሽቦ ጥቅል በትከሻው ላይ አድርጎ ደፉ ላይ ቆሟል። ሳምራ ከተንበረከከችበት ተነሣች። አያቱ ግን እንደ ልማዳቸው፣ አምስተኛ ፎቅ ድረስ በሚሰማ ድምፅ፣ «የአጥናፉ ውሽማ ነሽ ብለው አሙኝ አሉ! ልጅቷ አንተን የተወችህ ለአንተ ብላ ነው፣ አንተ ጅል! ዘመዴ መስለኸኝ ብላ ነው!» አሉት። እሱ ይህን አሁን ነው የሰማው፣ እማማ አደሴ ግን ከደብተሩ፣ ከጋቢው ጥያቄና ከልጅቷ ፊት ሐሜቱን ሁሉ ገምተውት ነበር።

የሽቦ ጥቅሉ ወለሉ ላይ ወደቀ። ዮሚፍ አልተጠጋትም። ከደፉ ላይ፣ ያለ ድምፅ፣ በከንፈሩ «ይቅርታ» አላት። እሷም ያለ ድምፅ «ጥፋተኛዋ እኔ ነኝ» አለችው። ከሁለቱ ማን ይቅር እንዳለ አልታወቀም፣ ያን ያህል ቀላቸው።

*

ተስፋሚካኤል ደብተሩን በረንዳው ላይ ነው ያነበበው። ሳምራ ፎቶግራፉን አጠገቡ አስቀምጣ ገለል አለች። ሁለት ጊዜ አነበበው። ከዚያ መነጽሩን አውልቆ፣ «እናቴ ሳታውቅ ሞተች» አለ። ደብተሩን ያሰረውን የጫማ ክር በጣቱ ላይ ሲጠመጥምና ሲፈታ ቀኑ መሸ።

ቅዳሜ ማንንም ሳያስከትል ወጣ። ሲመለስ ትልቅ ፌስታል ይዞ ነበር። እሑድ ከቅዳሴ መልስ «ተነሺ፣ ቱሉ ዲምቱ እንሂድ» አላት።

እማማ አደሴ ነጭ ለብሰው ጠበቁ። ሮሪሳና ዮሚፍ ግድግዳውን ተደግፈው ቆመዋል፣ ሁለቱም እጃቸውን የት እንደሚያደርጉት አያውቁም። ተስፋሚካኤል እንደ ወጉ ባርኔጣውን አውልቆ፣ አንገቱን ደፍቶ፣ ወለሉን እያየ ጀመረ። «እትዬ አደሴ፣ እኔ... ለይቅርታ ነው...»

«ምን አለ?» አሉ አሮጊቷ፣ ሳምራን እያዩ።

ሳምራ ወደ አባቷ ተጠጋች። «አባዬ፣ ቀና በል። የሚሰሙት ከንፈርህን ሲያዩ ነው።»

አንገት ደፍቶ ይቅርታ መጠየቅማ ማንም ይችላል። ተስፋሚካኤል ቀና አለ፤ እናቱ ዕድሜ ልኳን ያለቀሰችባትን ሴት፣ እሱም ከአሥራ አንድ ዓመቱ ጀምሮ በሆዱ የረገማትን ሴት፣ ፊት ለፊት አያት። እሳቸው ዓይናቸውን ከከንፈሩ አልነቀሉም።

«አባቴን ሰርቀውናል ብለን ነው የኖርነው» አለ። «የሰረቅንዎት ግን እኛ ነን። ዘፈንዎን በልተን፣ ስምዎን አጥፍተን ኖርን። ይቅር ይበሉኝ። ለእናቴም ይቅር ይበሉልኝ።» ፌስታሉን ከፈተ። ሁለት ጋቢ ነው፣ ጥለቱ ገና ያልተነካ። «አባቴ ካረፈ ሁለት ሐምሌ አለፈ። ሁለቱ ምስጋና ሳይደርስዎ ቀርቷል። እኔ ላድርሰው ብዬ ነው።»

እማማ አደሴ ጋቢዎቹን ዳሰሱ። በአፍ መፍቻቸው «ገለቶማ» አሉ፤ ተስፋሚካኤል ቂሊንጦ አጠገብ ያደገ ሰው ነው፣ ምስጋና መሆኑ አልጠፋውም። «ወርቅውሃን እኔም አዝንላት ነበር። አንድ ቀን ቀርባ ብትጠይቀኝ እነግራት ነበር። አልመጣችም፣ እኔም አልሄድኩም። ሁለታችንም ሞኞች ነበርን። ሳምራ! በዐውደ ርእይሽ ላይ ስሜን ጻፊው፣ አሁን አላፍርም። የአጥናፉን ግን እንዳታጠፊ። እሱ ባይሸከምልኝ እኔ አልኖርም ነበር። ሦስተኛውንም አስዘፍኚ።»

«ሁሉንም እማማ፣ ሁሉንም» አለች ሳምራ።

«ሮሪሳ፣ ሳጥኑን» አሉ። ልጃቸው ከሥር፣ ከልብሱ ሁሉ ሥር፣ በአቡጀዲ የተጠቀለለ ነገር አወጣ። ጋቢ ነው። አርባ ምናምን ዓመት ማንም ያልለበሰው፣ ቢጫ የሆነ፣ ዳሩ በእጅ የተቋጨ። እሱም እስካሁን ነክቶት አያውቅም፤ የአባቱን ጋቢ እንደያዘ ትልቁ ሹፌር ፊቱን ወደ መስኮቱ አዞረ።

እማማ አደሴ ጋቢውን ዘረጉት። ዮሚፍንና ሳምራን ጎን ለጎን አስቁመው በሁለቱም ትከሻ ላይ ጣሉት። እጃቸው ጥቂት ጊዜ ጋቢው ላይ ቆየ፣ ከዚያ ቀስ ብሎ ወረደ።

«ያዝኩት። ቃሌን ጠበቅሁ። አሁን ደከመኝ» አሉ፣ እየሳቁ፣ እያለቀሱ። «በሉ እናንተ ያዙት። የታጠፈ ጋቢ አይሞቅም።»

ተስፋሚካኤል «ሽማግሌዎቹ በሚቀጥለው እሑድ ይመለሱ» አለ። «በሩ ክፍት ነው።» ዮሚፍ ወደ ጉልበቱ ሲያጎነብስ ያዘውና አቀፈው።

ሲመሽ ዮሚፍ ሱቁን ሊዘጋ ሳሪስ መሄድ ነበረበት። ሳምራ ከሦስተኛ ፎቅ በረንዳ ላይ ሆና ታየዋለች። ሚኒባሱ መስኮት ጋ ተቀመጠ፣ አንገቱን አውጥቶ ወደ ላይ አያት። ረዳቱ ይጮኻል፣ መኪናው ጥሩምባ ይነፋል፣ ታች ሜዳው ላይ ልጆች ይንጫጫሉ። በዚያ ሁሉ ጩኸት መሐል ያለ ድምፅ፣ በከንፈሯ ብቻ፣ «ጋቢህን ይዣለሁ» አለችው።

እሱ እጁን ደረቱ ላይ አደረገ። እሷ ደግሞ ትከሻዋ ላይ ያለውን ሰብሰብ አድርጋ ያዘችው፤ ሽንኩርትና የሳጥን ጠረን አለው፣ ከባድ ነው፣ ይሞቃል። ከኋላዋ እማማ አደሴ ቆመው ከንፈሯን ሳይሆን ታች የሚሄደውን ልጅ ያያሉ። ዮሚፍ ራሱን ነቀነቀ።

«ገባው» አሉ አሮጊቷ። «ይኸው፣ እሱ ገባው። ተመስገን።»